የአራተኛው አልጋ ሶኬት

ውድ ጋሼ፣

ካረፍክ ሁለት ወር ሊሞላህ ነው። ሰው ሁሉ «ታናሽ ወንድሙ አጠገቡ ነበር» እያለ ሲያመሰግነኝ አንገቴን እደፋለሁ። ሐዘን ይመስላቸዋል።

ያሳደግከኝም፣ የሆስፒታል ማሽን ጥገና ያስተማርከኝም አንተ ነህ። የልብ መከታተያው መስመር ከተንቀጠቀጠ የግድግዳው ኤሌክትሪክ ገብቶበት ይሆናልና ገመዶቹን አንድ ላይ ግመድ፣ የታማሚውን ቆዳ በደንብ ጥረግ፣ እምቢ ካለ ከሶኬቱ ንቀልና በባትሪ አሠራው ትለኝ ነበር። ከሁሉ በፊት ግን «አንተ፣ መጀመሪያ የሰውዬውን እጅ ያዝ! ማሽን አይሞትም» ትላለህ። እኔ ደግሞ እስቅብህ ነበር።

ጡረታ ስትወጣ የአራተኛው አልጋ ሶኬት የመሬት ሽቦው መበጠሱን፣ መስመሩን የሚያንቀጠቅጠውም እሱ መሆኑን ነግረኸኝ ሄድክ። ዛሬ ነገ ስል ከረምኩ። መስመሩ በተንቀጠቀጠ ቁጥር ነርሶቹን «የመብራት ነው፣ አትደንግጡ» እያልኩ አስለመድኳቸው። የማስጠንቀቂያው ጩኸት ሲያሰለቻቸው ድምፁን የዘጋሁላቸውም እኔው ነኝ።

ከዚያ ደረትህን ይዘህ መጣህ። ያንኑ አልጋ ሰጡህ። ሞኒተሩን ቀና ብለህ አየህና «አልሠራኸውም አይደል? ሰነፍ!» ብለህ ሳቅክብኝ።

በሦስተኛው ቀን ረፋድ ላይ ሲስተሯ ጠራችኝ። «ኧረ ና እስቲ፣ ይሄ ነገር ዛሬስ ባሰበት፤ ምንም አይነበብም።» ዓይንህ ተከድኗል። እንቅልፍ የወሰደህ መሰለኝ። ገመዶቹን ገመድኩ፤ ደረትህን ጠርጌ ገመዶቹ የሚያያዙበትን ልጣፍ በአዲስ ለጠፍኩ። ፊትህን ግን አላየሁትም ጋሼ፣ ዓይኔ ሞኒተሩ ላይ ነበር። በመጨረሻ ማሽኑን ከሶኬቱ ነቀልኩት። በባትሪም መስመሩ መንቀጥቀጡን አልተወም።

የመብራት አልነበረም። ይንቀጠቀጥ የነበረው ልብህ ነው። እጅህን የያዝኩት ያኔ ነው፤ ትርታ የለውም። ሐኪሞቹ ሮጠው ደረሱ፣ ግን አልተመለስክም።

ከቀብርህ በኋላ ሽቦውን ቀጠልኩት። ሩብ ሰዓት አልፈጀም። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት እኔ ነኝ።

ባለቤትህ በሄድኩ ቁጥር «አንተ ባትኖር ብቻውን ይሞትብኝ ነበር» እያለች ትመርቀኛለች። ምርቃቷን መሸከም አቃተኝ። ነገ ይህን ደብዳቤ ወስጄ እሰጣታለሁ። ከዚያ በሩን ብታሳየኝም አልፈርድባትም። አንብባ እስክትጨርስ ግን ፊት ለፊቷ እቀመጣለሁ፤ ፊቷን እንጂ ወረቀቱን አላይም።

ሰነፉ ወንድምህ