የቀይ ኦኩ ወዳጅ የአቶ ጥሩነህ ገነነ የሕይወት ታሪክ

አቶ ጥሩነህ ገነነ ከአባታቸው ከአቶ ገነነ ሀብቴ እና ከእናታቸው ከወ/ሮ አስካለ ተረፈ ግንቦት 9 ቀን 1950 ዓ.ም. ከሻሸመኔ ከተማ ወጣ ብሎ በሚገኝ የእንጨት መሰንጠቂያ ሠፈር ተወለዱ። ግንቦት 9 የኖርዌይ ብሔራዊ በዓል የሚውልበት ሜይ 17 መሆኑን ያወቁት እዚህ ከመጡ በኋላ ነው። በዚያን ቀን አገሩ ሁሉ ባንዲራ ይዞ ሲወጣ «ለእኔ ብላችሁ ይህን ያህል ባትደክሙ» እያሉ ይቀልዱ ነበር።

አባታቸው የመሰንጠቂያው የሥራ ኃላፊ ስለነበሩ ልጅነታቸው ያለፈው ከጫካ እየተጎተተ በሚገባ ግንድ መካከል ነው። ዝግባውን ከቀረሮ፣ ቀረሮውን ከጥቁር እንጨት በቅርፊቱና በጠረኑ መለየት የጀመሩት ፊደል ሳይቆጥሩ ነበር። ወላጅ እናታቸው «ይህ ልጅ ከሰው ይልቅ ከእንጨት ጋር ይግባባል» ይሉ እንደነበር ታናሽ እህታቸው ቆንጂት ታስታውሳለች። ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀችውም እሷ ናት። ከዚህ በታች ቆጣ ያለ ቃል ቢያጋጥማችሁ የእሷ እንጂ የሟች አይደለም። ሟች ታጋሽ ሰው ነበሩ።

የአንደኛና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በሻሸመኔ ከተከታተሉ በኋላ በ1970 ዓ.ም. ወንዶ ገነት ገብተው የደን ትምህርት ተማሩ። የሚማሩበት መጽሐፍ ተጽፎ የመጣው ከአሜሪካ ነበር። ስለዚህ በመስኮት የሚያዩትን ኮሶና ወይራ ትተው ስለ ሰሜን አሜሪካ ኦክ፣ ሜፕልና ሂከሪ በቃላቸው አጠኑ። አንዱንም በዓይናቸው ሳያዩ ቅጠሉን እየሳሉ ተፈተኑ። የክፍል ጓደኞቻቸው የማናየው ዛፍ ምን ያደርግልናል ብለው ሲያማርሩ የእሳቸው ልብ ግን እዚያው ሥዕል ላይ ቀረ። አንድ ቀን ከነዚህ ዛፎች አንዱ ፊት ለፊት ይገጥመኛል ብለው ያስቡ እንደነበር ኋላ ላይ ተናግረዋል።

በ1972 ዓ.ም. በዲፕሎማ ተመርቀው በመንግሥት የደን ልማት ውስጥ ለዐሥር ዓመት ያህል አገለገሉ። ያለሙት ደን አብዛኛው እኛ «የፈረንጅ ጥድ» የምንለው ዛፍ ነው። ይህ አጠራር ደስ አይላቸውም ነበር። ፈረንጅ የሚባል አገር የለም፣ የዚህ ዛፍ አገሩ ሜክሲኮ ነው፣ አገር ያለውን ፍጥረት አገሩን መንፈግ ነውር ነው ይሉ ነበር። በ1982 ዓ.ም. እንደ ብዙዎቻችን ሳይወዱ ከአገር ወጥተው በኬንያ በኩል እ.ኤ.አ. በ1991 ኖርዌይ ገቡ። ስለ መንገዱ ማውራት ስለማይወዱ እዚህም አይወራም።

ከስደተኞች መቀበያ ወጥተው ኦስሎ ውስጥ ሆልምሊያ በተባለ ሠፈር ቤት ያገኙት በቀጣዩ ዓመት በሴፕቴምበር ወር ነው። ቋንቋው አይገባቸውም፣ የሚያውቁት ሰው የለም። አንድ ጠዋት ወደ ባቡር ጣቢያው ለመሄድ ከደረጃው ሲወጡ ከሕንፃው ፊት ለፊት የቆመ፣ ገና የክንድ ያህል ውፍረት ያለው ዛፍ አዩ። ጎረቤቱ ሁሉ «አይክ» ይለዋል፤ የኖርዌይ ኦክ ማለት ነው። እሳቸው ግን ቀረብ ብለው ቅጠሉን ገልብጠው አዩት። የኖርዌዩ ኦክ የቅጠሉ ጠርዝ ዙሪያውን ክብ ክብ ነው። የዚህኛው እያንዳንዱ ጫፍ ሾጠጥ ብሎ ፀጉር በምታክል ቀጭን ነገር ያልቃል። ወንዶ ገነት በፈተና የሳሉት፣ የሰሜን አሜሪካው ቀይ ኦክ ነበር። በዚህ ከተማ ውስጥ በስሙ የጠሩት የመጀመሪያው ነገር እሱ ሆነ። ባቡሩም አመለጣቸው።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ሥራ ሲፈልጉም፣ ሥራ ሲያገኙም፣ ልጆቻቸውን ባርነሃገ ወደሚባለው መዋዕለ ሕፃናት ሲያደርሱም ግንዱን በመዳፋቸው ነካ ሳያደርጉ አልፈውት አያውቁም። አንዳንዶቻችሁ ይህን አይታችሁ ስቃችኋል። የሳቃችሁትን እናውቃችኋለን።

እ.ኤ.አ. በ1994 ከወ/ሮ ደሃብ ክብረኣብ ጋር በሥርዓተ ተክሊል ተጋብተው ናዝሬትንና አሮንን ወለዱ። ያንኑ ቤት ገዝተው በዚያው ኖሩ። ወ/ሮ ደሃብ በትግርኛ እየተናገሩ፣ አቶ ጥሩነህ በአማርኛ እየመለሱ፣ ልጆቹ ሁለቱንም በኖርዌይኛ እየተከራከሩ ያደጉበት ደስተኛ ቤት ነበር። አቶ ጥሩነህ ቋንቋውን ከተማሩ በኋላ በከተማው መናፈሻዎች በአትክልተኛነት ተቀጥረው ጡረታ እስኪወጡ ድረስ አገልግለዋል።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የፈለገ ሁሉ እየተከተላቸው ዛፍ ያይ ነበር። አንዳንዴ ቶየን ወዳለው የእፅዋት መናፈሻ፣ አንዳንዴም አንድ ዛፍ ብቻ ለማየት ከማዮርስቱን አልፎ በእግር ይኬድ ነበር። መጀመሪያ እዩ፣ ከዚያ ንኩ፣ ከዚያ አሽትቱ፣ ስሙን መጨረሻ ላይ ትጠይቁኛላችሁ ይሉን ነበር። የኖርዌዩ ጥድ መርፌ ቅጠሉን ሁለት ሁለት አድርጎ ሲይዝ የአሜሪካው ነጭ ጥድ አምስት አምስት እንደሚያደርግ ያሳዩን እሳቸው ናቸው። ብርማው ሜፕል ነፋስ ሲገለብጠው ነጭ ሆዱን እንደሚያሳይ፣ የቱሊፕ ዛፍ ቅጠል ጫፉ በመቀስ የተቆረጠ እንደሚመስል ያሳዩንም እሳቸው ናቸው። የዳግላስ ጥድ ፍሬ ከየቅርፊቱ ሥር የአይጥ ጭራና የኋላ እግር የመሰለ ነገር ብቅ ያደርጋል። ይህን ያየ ልጅ ሁሉ አንድ ፍሬ በኪሱ ይዞ ነበር ወደ ቤቱ የሚመለሰው። ወላጅ ግን «ቆሻሻ ነው ጣለው» ይል ነበር። ብዙው ሰው መርፌ ቅጠል ያለውን ሁሉ ጥድ፣ የቀረውን ሁሉ ዛፍ ብሎ መኖርን መርጧል።

በአንድ ወዳጃቸው ቤት ክርስትና ላይ የተፈጠረው እስከ ዛሬ ይወራል፤ በትክክል ግን አይወራም። ወይራ ስለጠፋ የጠላው እንስራ የታጠነው ከአጥር በተቆረጠ ቱያ ነበር፣ ያው ጥድ ነው ተብሎ። ቱያም የሰሜን አሜሪካ ዛፍ ነው፣ ሽታው ደስ ይላል፣ ለሆድ ግን መርዝነት አለው። አቶ ጥሩነህ አንድ ጊዜ አሸተቱና እንስራውን ተሸክመው ወጥተው ጠላውን ደፉት። ድግስ አበላሹ ተብለው ስማቸው ጠፋ። የማንም ሆድ ስላልታመመ ማንም አላመሰገናቸውም።

እ.ኤ.አ. በ2016 ለዘመድ ሠርግ ኦሃዮ ሄደው ዕድሜ ልካቸውን በወረቀት ያወቁትን ጫካ በአገሩ አዩት። ሙሽሮቹ ፎቶ ሲነሱ እሳቸው ጠፉ። የተገኙት ቅርፊቱ እንደ አሮጌ ቆርቆሮ እየተገነጠለ በተንጠለጠለ ሂከሪ ሥር ነው፣ በሙሉ ልብሳቸው፣ እያለቀሱ። «ነካ አድርጓቸዋል» የሚለው ወሬ ከአውሮፕላናቸው ቀድሞ ኦስሎ ገባ። ሰው ለእግር ኳስ ሲያለቅስ ጤነኛ ነው። ሲጠብቀው የኖረውን ነገር አግኝቶ ያለቀሰ ግን ነካ አድርጎታል ይባላል። ይህን ወሬ ያወራችሁ ዛሬ ጥቁር ለብሳችሁ ከፊት ተቀምጣችኋል።

አሁን ወደማንወደው ክፍል እንግባ። ባለፈው ሜይ ቦሬትስላጉ፣ ማለትም የሕንፃዎቹ ነዋሪዎች ማኅበር፣ ዓመታዊ ጠቅላላ ስብሰባውን ጠራ። ቀይ ኦኩ ተቆርጦ ቦታው የኤሌክትሪክ መኪና ማቆሚያ ይሁን የሚል ሐሳብም ቀረበ። ከምክንያቶቹ አንዱ ዛፉ የዚህ አገር አይደለም የሚል ነበር። ሌላ ቦታ ባይኖር ኖሮ ባላስቆጣን። ከሕንፃው ጀርባ ምንም ያልበቀለበት ጠጠር ሜዳ አለ፤ አቶ ጥሩነህም መኪናው እዚያ መቆም እንደሚችል አስረዱ። ከዚያም የስብሰባው ቀን ሳይደርስ፣ ሕመሙ ጀምሯቸው ሳለ፣ ገና ሳይነገራቸው፣ ደረጃ እየወጡና እየወረዱ በየቤቱ አንኳኩ።

በዚያ ቦሬትስላግ የእኛ ሰው ጥቂት አይደለም። ሁሉም በክብር ተቀበላቸው፣ ሁሉም ሻይ አቀረበ፣ ሁሉም እሺ አለ። የእድራችን ዳኛ አቶ እንዳሻው «ጋሼ ጥሩነህ፣ እኔ ቀርቼ ማን ሊመጣ ነው» አሏቸው። ጎረቤታቸው ወ/ሮ ሓረጉ ብቻ «እኔ ዛፉን አልወደውም፣ ብርሃን ይከለክለኛል» ብለው በሩ ላይ መለሷቸው።

የቦሬትስላጉ ሰብሳቢም ዛፉ ይቆረጥ እያለች በየቤቱ ዞራ ነበር። ለእሷም ያው ሰው ሁሉ በኖርዌይኛ «ያ፣ ያ»፣ እሺ እሺ፣ ብሏታል። ሰው ፊት «ኔይ»፣ አይሆንም፣ ማለት አልለመደብንም። ሁለቱንም ላለማስቀየም ለሁለቱም እሺ ካልን በኋላ ቀኑ ሲደርስ በማን ፊት እጃችንን እናውጣ? ስለዚህ ቀረን። ይህን ይሉኝታ ብለው የሚያቆላምጡት አሉ። ታማሚ ሽማግሌን በር ለበር አስኪዶ፣ ሻይ አጠጥቶ፣ ቃል ሰጥቶ መቅረት ግን ክህደት ነው፤ ሌላ ስም አንፈልግለትም። በአዳራሹ ከእኛ ሰው የተገኙት አቶ ጥሩነህና ያው በሩ ላይ የመለሷቸው ወ/ሮ ሓረጉ ብቻ ነበሩ። ወ/ሮ ሓረጉ ምርኩዛቸውን ተደግፈው መጥተው ዛፉ አይቆረጥ ብለው እጃቸውን አወጡ። ዛፉን አሁንም አልወደውም፣ ሰውየውን ግን አከብረዋለሁ ብለዋል። ሐሳቡ በጥቂት እጅ ብልጫ ጸደቀ።

አቶ ጥሩነህ ሲመለሱ የሜይ ማታ ስለሆነ ገና ብርሃን ነበር። በየበረንዳው የተቀመጠው ሰው ሲያያቸው አንድ በአንድ ወደ ውስጥ ገባ። እሳቸው ባርኔጣቸውን አንስተው ለባዶው በረንዳ ሁሉ ሰላምታ ሰጡ። ልጃቸው አሮን «ፓፓ፣ ተወው፣ ዛፍ እኮ ነው» ሲላቸው «አውቃለሁ፣ ለዚያ ነው» አሉት።

ከውሳኔው በኋላ ነገሩን ከስደተኛ ኑሮ ጋር ለማመሳሰል የፈለጉ ሰዎች ነበሩ። ዛፉም ከውጭ የመጣ፣ ሰውየውም ከውጭ የመጡ ተብሎ ሊጻፍ ነበር። አቶ ጥሩነህ ይህን አልፈቀዱም። እኔ አፍ አለኝ፣ እሱ አፍ የለውም፣ ልዩነቱ ይህን ያህል ነው አሉ። ስለዚህ እዚህም አናመሳስልም።

በጁን ወር የቆሽት ካንሰር እንደያዛቸው ታወቀ። የገደላቸው ንዴት ነው የሚሉ አሉ። አይደለም፣ የገደላቸው ካንሰሩ ነው። ንዴቱን ለእህታቸው አውርሰዋል። በሆስፒታል በቆዩበት ጊዜ ወ/ሮ ደሃብ ከቤት ሲመጡ ከዛፉ አንድ አንድ ቅጠል ይዘው ይገቡ ነበር። ኦክቶበር ሲገባ ቅጠሉ ቀላ። በመጨረሻዎቹ ቀናት ዓይናቸውን መግለጥ ሲያቅታቸው ባለቤታቸው ቅጠሉን በእጃቸው ላይ አኖሩላቸው። ጠርዙን በጣታቸው ጫፍ ዞረው ዳሰሱና «እሱ ነው» አሉ። ማክሰኞ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 14 ቀን 2025) ቤተሰባቸው በተሰበሰቡበት በተወለዱ በ67 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም አረፉ።

አቶ ጥሩነህ ባለትዳርና የአንዲት ሴትና የአንድ ወንድ ልጅ አባት ነበሩ። ባለቤታቸው ወ/ሮ ደሃብ፣ ልጆቻቸው ናዝሬትና አሮን፣ እህታቸው ቆንጂት፣ በአገር ቤትና በኦሃዮ ያሉ ዘመዶቻቸው ከኀዘናቸው ጋር ቀርተዋል። ቀይ ኦኩም አለ። የሚቆረጠው ቅጠሉን ካረገፈ በኋላ ነው ተብሏል።

ወ/ሮ ደሃብ ከወ/ሮ ሓረጉና ከሌሎች ነዋሪዎች ጋር ሆነው ውሳኔው እንደገና እንዲታይ ስለጠየቁ የፊታችን ረቡዕ ከሥራ በኋላ በትምህርት ቤቱ አዳራሽ ልዩ ጠቅላላ ስብሰባ ተጠርቷል። የዚህ ጽሑፍ አዘጋጅ የምትኖረው ሌላ ሠፈር ስለሆነ እዚያ ድምፅ የላትም። ያላት ይህ ወረቀት ነው። እንደ እድራችን ልማድ ወረቀቱን ቆመው የሚያነቡልን አቶ እንዳሻው ናቸው። ስለ ራሳቸው የተጻፈውን ሳይዘሉ ካነበቡልን ቤተሰቡ ከልብ ያመሰግናቸዋል። ከዘለሉትም በየእጃችሁ ታትሞ ይገኛል።

ዛሬ ቤተ ክርስቲያኑ ሞልቶ ደጅ የቆማችሁ አላችሁ። ሥራ አስፈቅዳችሁ፣ ከሩቅ ከተማ በባቡር መጥታችሁ፣ አብራችሁን አልቅሳችኋል። እግዚአብሔር ይስጥልን። አቶ ጥሩነህ ግን በየቤታችሁ መጥተው የጠሯችሁ ለዚህ አልነበረም። ቤተሰቡ አበባ አይፈልግም። የሆልምሊያ ጎረቤቶቻችን ረቡዕ ኑልን። እሺ አትበሉን፣ ኑ።

ዛፍን ሁሉ እንደየወገኑ ያበቀለ አምላክ የወንድማችንን ነፍስ በማይደርቅ ጥላው ሥር ያሳርፍልን። አሜን ያለ ሁሉ ረቡዕ እጁን ያውጣ።