የአያ ኩርንችት እጅ

ኖቬምበር 4
ብርድ። ሐይቁ ዳር ዳሩን በረዶ ሆኖ ረግቷል። የሰው ልብስ ሳጥብ አረፈድኩ፣ ጣቶቼ ካሮት መስለዋል። ምሳ ድንችና ጨው ዓሣ... ደግሞ!
ከሰዓት የጋዜጣ ሽማግሌዬን፣ አያ ኩርንችትን፣ ጻፍኩ። የሩሲያው ገዢ ሐይቁን «ያለ ፈቃድ ረግተሃል፣ ያውም በፊንላንድኛ» ብሎ ሲከሰው። ብቻዬን ሳቅኩ።
አያቴ አባባ ከምድጃው ጥግ፣ «ምን ያስገለፍጥሻል?»
«ድንቹ!»
አባባ ሳቅ ይወዳሉ፣ አፋቸው ግን ወንፊት ነው። አያ ኩርንችት እኔ መሆኔን የሚያውቁት የጋዜጣው አዘጋጅ አቶ ሆልም ብቻ ናቸው። ጽሑፉን በታጠበ ሸሚዛቸው ጠቅልዬ አደርስላቸዋለሁ።
መምህሯ «ምላስ እንጂ ጭንቅላት የለሽም» ብላኝ፣ ቀለሙን ቀሚሷ ላይ ደፍቼ ከትምህርት ቤት ከወጣሁ ዓመት አለፈኝ። ምነው አሁን ባየችኝ!

ኖቬምበር 9
ወጣ! ዳቦ ቤት ጫማ ሰፊው ጮክ ብሎ ሲያነበው ሰዉ ሆዱን ያዘ።
«ይሄ ሽማግሌ ሳይቤሪያ ሄዶ ሻይ ሊጠጣ ነው» አለ አንዱ።
ሳቅኩ። ዳቦዬን ረስቼ ወጣሁ።
አቶ ሆልም ጋ ሸሚዝ ሳደርስ ፊታቸው አመድ መስሏል። የሩሲያው መኮንን መጥቶ ነበር። «ማን ነው አለኝ። ነጭ ፂም ያለው ሽማግሌ ነው አልኩት።»
«ጥሩ ብለዋል!»
«ምኑ ነው ጥሩ? ሽማግሌውን ሲያጡት ማንን የሚፈልጉ ይመስልሻል?»

ኖቬምበር 11፣ ቅዳሜ
ሳውና፣ የሠፈሩ የእንፋሎት መታጠቢያ። ሴቶቹ ከሳንቃው ወዲህ፣ ወንዶቹ ወዲያ። ውሃው ድንጋዩ ላይ ቸስ ሲል የአባባ ድምፅ መጣ።
«አያ ኩርንችት ማን መሰላችሁ? እኔ ነኝ!»
«ታቬቲ? አንተ?»
«እኔ ነኛ! ሐይቁን ማን ከሰሰው ታዲያ?»
የኔን ሐይቅ!! ሳንቃውን በቡጢ ልለው ነበር። ከዚያ በዚያ ሁሉ እንፋሎት መሃል በረደኝ። እዚያ ወዲያ የመኮንኑ ጆሮ ተቀምጦ ቢሆንስ?

ኖቬምበር 12
በሩ ተንኳኳ። ነፋስ ነው። ነፋስ ነው...

ኖቬምበር 13
የመኮንኑ ሰዎች አባባን ወሰዷቸው። ሠርግ የሚሄዱ ይመስል የቤተ ክርስቲያን ኮታቸውን ለበሱ።
አሁን ነው ትዝ ያለኝ... አባባ መጻፍ አይችሉም! ያነባሉ። የድሮው ቄስ ማንበብ የማይችለውን አላጋባም ስላሉ በግድ ተማሩ። መጻፍ ግን ማን ጠየቃቸው? «እንካ ብዕር» ሲሏቸውስ? «ማን ይጽፍልሃል?» ሲሏቸውስ? እዚህ ቤት ያለሁት እኔ ብቻ ነኝ።
ይሄን ደብተር ከድንቹ ሥር እቀብረዋለሁ።

ኖቬምበር 15
ዓሣ የተጋገረበት ዳቦ ይዤ እስር ቤት ሄድኩ። አባባን አመጧቸው። እጃቸውን ከኮታቸው ኪስ አላወጡም።
መኮንኑ፣ «እጄን አሞኛል ብሎ ብዕር እምቢ አለ። ሌላ ሰው ነው የሚጽፍለት። አንቺ ነሽ?»
ዳቦውን ደረቴ ላይ አጣበቅኩት።
«እሷ?!» አባባ ጮኹ። «ይቺ ደነዝ? ዶሮ ጭራ ትጻፍ ብትሉ ይሻላል! ከትምህርት ቤት ያባረሯት ስሟን መጻፍ አቅቷት ነው!»
ደሜ ፈላ። ምላሴ ተነሳ... ነከስኩት።
መኮንኑ ብዕር ሰጠኝ። «ስምሽን።»
ብዕሩን እንደ ማንኪያ ጨብጬ ወረቀቱ ላይ የመስቀል ምልክት አደረግኩ። ቀለሙን አንጠባጠብኩት። ሳቀ። «እውነት ደነዝ ነሽ?»
«አዎ ጌታዬ።»
በሕይወቴ ከተናገርኩት ሁሉ የከበደኝ ይሄ ነው። መምህሯን ሄደው ቢጠይቋትስ?

ኖቬምበር 18
ዝም ብል አባባ ሳይቤሪያ ይሄዳሉ። ብናገር እኔ። እሳቸው እስር ቤት እያሉ አያ ኩርንችት ቢጽፍስ?
ጽሕፈቴ እንዳይታወቅ በግራ እጄ ጻፍኩ፦ «መኮንኑ ነጭ ፂም ያየውን ሁሉ እያሰረ ስለሆነ ፍየሎቻችሁን ደብቁ። የቄሱ ፍየል ትናንት ተላጨ።»
አቶ ሆልም አነበቡት። «ሳይማ፣ ልታስገድዪኝ ነው?» አሉ። አጣጥፈው ኪሳቸው ከተቱት።

ኖቬምበር 23
ወጥቷል። ገበያው ውስጥ አንድ ፖሊስ ሲያልፍ ከኋላው «ሜሄሄ!» አሉት። ሰው ሲስቅ እኔ ቅርጫቴን አንስቼ ወደ ቤት ሮጥኩ።

ኖቬምበር 25
ለቀቋቸው! «ሂድ፣ አንተ ውሸታም!» ብለው። ነጭ ፂማቸውን ላጭተዋቸዋል፣ አገጫቸው የሕፃን መስሏል። ቀኝ እጃቸው በጨርቅ ተጠቅልሏል። ፈታሁት... ቆዳ የለውም።
«መትተውዎት ነው አባባ?»
«አይ። እስር ቤቱ ምድጃ ላይ አሳረፍኩት። አሞኛል ስላቸው ውሸት እንዳይሆን።»
«ያውቁ ነበር? እኔ መሆኔን?»
«ማንበብ እችላለሁ እኮ። የገዛ አፌን ቀልድ ጋዜጣ ላይ አይቼ አላውቀውም?»
«ታዲያ ሳውና ውስጥ ምን አስለፈለፈዎት?!»
«ግማሹ የኔ ነው ብዬ ነዋ!» ተቆጡ። ከዚያ አንገታቸውን ደፉ። «ሞቆኝ ነበር... ደስ ብሎኝ ነበር።»
ልጮህባቸው አፌን ከፈትኩ። ጨርቁን መልሼ ጠቀለልኩት።

ዲሴምበር 2
ሐይቁ ሙሉ በሙሉ ረጋ። ያለ ፈቃድ።
ከምሳ በኋላ አባባ አጠገቤ ተቀመጡ። ብዕሩን በግራ እጃቸው አንስተው፣ «በይ አስተምሪኝ» አሉ።
«አሁን በዚህ ዕድሜዎ?»
«እነዚያ ሲመለሱ ብዕር ይሰጡኛል። ያን ጊዜ የምጽፈው እኔ ልሁን።»
የመጀመሪያውን ፊደል አብረን ጻፍን።
«ሲመለሱ» አሉ። «ቢመለሱ» አላሉም።