ከጨው የሚሸሸው ሻጋታ

ለውድ እናቴ፣

እንደምን ከረምሽ? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? ዘንድሮ የሳፖሮ በረዶ ከመስኮቱ በላይ ደርሷል ሲሉ ሰምቼ፣ በሩን ማን ጠርጎልሽ ይሆን እያልኩ ሰነበትኩ። እኔ እዚህ ሰንዳይ ከተማ ደህና ነኝ። አንድ ጥርጣሬ ግን ሰሞኑን አላስቀምጥ ብሎኝ ነበር።

እንደምታውቂው የአባባ ጽሑፎች በመጽሐፍ ሊወጡ ነው። ደራሲው እሳቸው መሆናቸውን አረጋግጬ የምፈርመው እኔ ነኝ። አባባ ግን የእኔን ስም እንኳ ከረሱ ሁለት ዓመት አለፋቸው። ታዲያ አንጎል የሌለው ቢጫ ሻጋታ በአጃ ፍሬዎች መካከል አጭሩን መንገድ እንዴት እንደሚያሰላ፣ ከኮምፒውተርም በምን እንደሚመሳሰል የሚተርከው ጽሑፍ በየወሩ መጽሔት ላይ በስማቸው ይወጣል። ማን ነው የሚጽፈው?

ኑማታን ጠረጠርኩ። የአባባ ተማሪ እያለ ከገበታችን አይጠፋም ነበር፤ ዛሬ በስማቸው ሊነግድ ነው ብዬ ቢሮው ድረስ ሄጄ አፋጠጥኩት። ሳቀብኝ! «እኔ? አንቺ ልጅ፣ የእኔ ማመልከቻ እንኳ ይታረም እየተባለ አራት ጊዜ ነው የሚመለሰው። ይልቅ ከመጮህሽ በፊት ጽሑፉን አንብቢው» አለኝ። እንዴት እንዳበገነኝ! ግን አነበብኩት።

የመጋቢቱ እንዲህ ይላል፤ «ፍጅል በጨው የሚዘፈዘፍበትን ጋን ያገላበጠ እጅ በደንብ ካልታጠበ፣ ሻጋታው ጨው ይሸተውና መንገድ ይቀይራል። ማስላት ከምን መሸሽ እንደሚገባ ማወቅም ነው።»

እማዬ፣ አባባ ያንን ጋን አንድ ቀን ነክተውት ያውቃሉ? በየማለዳው እስከ ክርኑ በጨውና በሩዝ ፉርሽካ የሚቦካው የማን እጅ እንደሆነ ሁለታችንም እናውቃለን።

አሮጌዎቹን መጽሔቶችም አወጣሁ። እኔ ሳልወለድ የታተመው፣ የመጀመሪያው፣ ያው ያልታጠበ እጅ አለበት። አለቀስኩ። ተናደድኩብሽም። ያን ሁሉ ዓመት እንግዶች እሳቸውን ሲያሞግሱ፣ አንቺ ሻይ እየቀዳሽ ዝም!

ኑማታን ይቅርታ ጠይቄዋለሁ። የአሳታሚውን ወረቀት ግን አልፈረምኩም። የደራሲው ስም የሚገባበትን ቦታ ባዶ ትቼ ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬልሻለሁ፤ እስከ ወሩ መጨረሻ ይጠብቃሉ። የፈለግሽውን ስም ጻፊበት፣ እኔ አልከራከርሽም።

ዕድሜና ጤና ይስጥሽ፤ ለአባባም ምሕረቱን ያውርድላቸው።

ዘግይታ ያነበበችሽ
ልጅሽ