ደመላሽ በፊልም የወደቀ ዕለት

መርሳ፣ ኅዳር 1979 ዓ.ም.

ይድረስ በምሥራቅ ጀርመን ለምትኖረው ለወንድሜ ለደመላሽ። ናፍቆቴ ባሕሩን ተሻግሮ ከደጅህ ይድረስ። እኛ አንተን ከማጣታችን በቀር ሁላችንም ደህና ነን።

ዝናቡ ዘንድሮ አልከፋም፤ ብርቱካናችንም አፍርቷል። መካኒክነት ልትማር ሄደህ የፊልም ተዋናይ መሆንህን እምዬ ላገኘችው ሁሉ ታወራለች። ባለፈው ወር ፊልምህ ወልድያ ቀበሌ አዳራሽ መጣ ሲባል አጎታችን ተፈራ በጭነት መኪናው ወሰደን።

ገና ብቅ ስትል አዳራሹ በእልልታ ተሞላ። ጀርመንኛህ እንዴት ያምራል! እምዬ "ከስቷል" አለች እንጂ ፊቷ በርቶ ነበር። ኋላ ግን ወታደሮች ተኮሱብህና ወደቅክ።

"ልጄን አንሱት!" ብላ ጮኸች።

"እትዬ፣ ጨዋታ እኮ ነው፤ ይኼኔ ተነስቶ ራቱን በልቷል" አላት ተፈራ።

ፊልሙ አልቆ መብራት ሲበራ ሰው ሁሉ ወጣ። እሷ ግን "ሲነሳ ሳላየው አልሄድም" ብላ ባዶውን ሸራ እያየች ቀረች። ደግፈን አወጣናት።

ደብዳቤህ መጥቶ እንደሆነ እንድጠይቅ በየሳምንቱ ፖስታ ቤት ትልከኛለች። ሠራተኛው ገና ከበር ሲያየኝ ራሱን ይነቀንቃል። እኔም ተመልሼ "የጀርመንን መንገድ በረዶ ዘግቶት ነው አሉኝ" እላታለሁ። በሐምሌም ያልኳት ይህንኑ ነበር።

ደመላሽዬ፣ ቆመህ ፎቶ ተነሣና ላክልን። ከጀርባው ቀኑን በገዛ እጅህ ጻፍበት።

ተፈራና ጎረቤቱ ሁሉ ሰላም ብለውሃል። እመቤታችን ባለህበት ትጠብቅህ።

ዓይንህን ለማየት የምትጓጓ እህትህ፣
እታገኘሁ