የትርንጎ ትንፋሽ

ጥር 6፣ ሰኞ። ጧት 1 ሰዓት ተኩል

ዛሬም የጓዳው በር ተዘግቷል። ሻይ ጥጄ ቆሜያለሁ። እሷ ውስጥ ሆና ትተነፍሳለች። ረጅም፣ ወናፍ እንደሚነፋ ሰው። ከዚያ ዝም። ከዚያ እንደገና።

ትርንጎ የባሌ የደሳለኝ ታናሽ እህት ናት። መስከረም ላይ ከቤሩት ተመለሰች። ስትሄድ ሳቋ ከመንገድ ይሰማ ነበር። አሁን የገዛ ወንድሟ ቤት ውስጥ እንደ እንግዳ ጥግ ጥጉን ትሄዳለች። ምን እንደገጠማት ደሳለኝ አይጠይቅም። እኔም አልጠየቅሁም። ግን አያለሁ።

በበሩ ስንጥቅ አየሁ። ነውር ነው፣ አውቃለሁ። አማቴ የላኩላት ቁርበት መሬት ላይ ተነጥፏል። በላዩ ተንጋላ እግሯን ሽቅብ ግድግዳው ላይ አቁማለች። ዓይኗ ተጨፍኗል። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። ምን እያለች ነው? ለማን?

ማስታወሻዬ፣ ደስ አላለኝም። ደወል ሊደወል ነው። ወደ ት/ቤት።

ጥር 8፣ ረቡዕ

ጠየቅኋት። ዮጋ ነው አለች፣ ልክ ጎመን ነው እንደማለት። ቤሩት አብራት ትሠራ የነበረች የስሪላንካ ልጅ ናት ያስተማረቻት። እንቅልፍ ያመጣላታል። ከንፈሯ የሚንቀሳቀሰው ትንፋሿን ስትቆጥር ነው። እንዲህ አለች። አምናለሁ? ግማሹን።

ኔትወርክ ሲመጣ ስልኬ ላይ ፈለግሁ። አንዱ ሰባኪ የአጋንንት ስግደት ነው ይላል፣ እየጮኸ። አንዷ ሴት ደግሞ አንጎል ያድሳል፣ ጭንቀት ከሥሩ ይነቅላል፣ መርሳት ያጠፋል፣ ክኒናችሁን ጣሉ ትላለች። ሁለቱም መጨረሻ ላይ ሰብስክራይብ አድርጉ ይላሉ። ሁለቱንም ጠረጠርኩ።

የነርቭ ሥርዓት ለአሥረኛ ክፍል የማስተምረው እኔ ነኝ። ትንፋሽ ሲረጋ ልብ ይረጋል። ይህን አልክድም። ከዚህ ተነስቶ አንጎል ታደሰ ማለት ግን እፍኝ ገብስ ይዞ ጎተራ ሞላሁ ማለት ነው።

ጥር 12፣ እሑድ

ትናንት ለጥምቀት አልወጣችም። ሕዝብ ይበዛብኛል አለች። ታቦት ሲያልፍ ከቤት የቀረ ሰው በእኛ ሰፈር ይታወቃል።

ዛሬ ከቅዳሴ ስመለስ ግድግዳ የምንጋራት ወ/ሮ የሺ ያዘችኝ። ልጅቱ ለፀሐይ ትሰግዳለች አሉ፣ እውነት ነው? ማን አለ አልኳት። ሰው አለችኝ። ሰው ማለት እሷ ናት። የጓዳው መስኮት ወደ ምሥራቅ ነው። እኛስ ስንጸልይ ወዴት ነው የምንዞር? ይህን አላልኳትም። ስፖርት ነው አልኩ።

«ስፖርት ዓይን ተጨፍኖ?»

እኔም የምጠይቀው እሱኑ ነዋ።

ጥር 15፣ ረቡዕ። ከሰዓት፣ ክ/ጊዜ የለኝም

የሆነ ነገር ትክክል አይደለም። ከስታለች። እጇ ይንቀጠቀጣል። ሰኞ ብርጭቆ ሰበረች፣ ሳቀች፣ ሳቁ ወደ ልቅሶ ሄደ። ጭንቅላቴ ውስጥ እንደ ኤሌክትሪክ ንዝር ይለኛል አለች። ትንፋሹን ግን አብዝታዋለች፤ የጧቱ አልበቃ ብሎ ከሰዓትም። ይሄ ነገር ነው የሚያሳምማት ብዬ ደመደምኩ።

ዛሬ አንሶላዋን ላጥብ ፍራሹን ሳነሳ የክኒን ማሸጊያ አገኘሁ። ባዶ። የዓረብ ጽሑፍ አለበት። ፎቶ አንስቼ ወደ መድኃኒት ቤት ሮጥኩ። ፋርማሲስቱ ተማሪዬ የነበረ ልጅ ነው። ለድብርትና ለጭንቀት የሚሰጥ ነው፣ በአንዴ አይቋረጥም፣ ሲቋረጥ እንዲህ እንዲህ ያደርጋል አለኝ። የጠራቸው ምልክቶች ሁሉ እኛ ጓዳ ውስጥ ናቸው። የማን ነው አለኝ። የዘመድ አልኩ።

ተመልሼ ፊቷ አስቀመጥኩት። አልቆብሽ ነው? አላለቀም፣ የቀረውን ጣልኩት አለች። ለምን? ስልክ ላይ ያለችው ሴት ትንፋሹ ይበቃል አለቻ። ያቺው ሴት! እኔ ሰይጣን ስፈልግ በር ላይ ቆሜ፣ ሰይጣኑ እዚያ ስልክ ውስጥ ፈገግ ብሎ ይመክራታል።

ለደሳለኝም ለእናቷም እንዳልናገር ለመነችኝ። እብድ ይሉኛል አለች።

«ማርያምን በይ እትዬ ሙሉ።»

አልኩ።

ጥር 18፣ ቅዳሜ

ማስታወሻዬ፣ ማታ ነው የምጽፈው።

ገበያ ይዣት ወጣሁ፣ ሰው ትልመድ ብዬ። ሽንብራ እየመረጥን ሳለ ተኩስ። ሰርግ ነው አሉ በኋላ። መጀመሪያ ሰርግ ይሁን ሌላ የለየ አልነበረም፤ ገበያው ሁሉ ጎንበስ አለ። ቀና ስል ትርንጎ የለችም።

የጨው ነጋዴው ጆንያዎች መሃል አገኘኋት። ጆሮዋን በእጇ ደፍና፣ ጉልበቷ አገጯ ላይ፣ አየር አጥሯት። ሰው ከበበ። አንዱ ጠበል አምጡ ይላል፣ አንዱ መስቀል፣ አንዷ ክብሪት ጫሩላት። ወ/ሮ የሺም አለች፣ ሻርፗን አፏ ላይ ይዛ።

መሬት ተቀመጥኩ። ምን እንደማደርግ አላውቅም። የማውቀው በበር ስንጥቅ የሰማሁትን ብቻ ነው። እጇን ያዝኩና ቀስ ብዬ አየር ሳብኩ፣ ቀስ ብዬ ለቀቅሁ። እየቆጠርኩላት። እኔ! እምቢ አላት። ደግሜ። ደግሜ። በኋላ ትንፋሿ የእኔን ተከተለ። ዓይኗ ተመለሰ። የት ነኝ አለች። ገበያ ነሽ፣ ከእኔ ጋር ነሽ።

ሠራ። ግን እጇ እስከ ማታ ተንቀጠቀጠ፣ ራት አልበላችም። አንዱን ጽፌ አንዱን ብተው እንደዚያች የስልክ ሴት መሆኔ ነው።

ጥር 20፣ ሰኞ

እማማ፣ የደሳለኝ እናት፣ ከስማዳ መጡ። ማን ደወለላቸው? ወ/ሮ የሺን ጠረጠርኩ። ለካ ደሳለኝ ነው። ለእኔ ሳይነግረኝ። እኔም ለእሱ የደበቅሁት አለና ምን አባቴ ልበል።

የንስሐ አባታችን መምሬ አስረስ ተጠሩ። እማማ አልቅሰው ነገሯቸው፤ ልጄን ባዕድ ነገር ይዟታል፣ ጠበል እወስዳታለሁ፣ እስከ ፋሲካ እዚያው ትቀመጥ። ጉልበት ያለው የአጎቷ ልጅ አብሮ ይሄዳል። ካስፈለገ በገመድ።

ትርንጎ ገመድ ሲባል ቀና አለች። ከዚያ አንገቷን ደፋች።

መምሬ ጠየቋት። «ለማን ነው የምትሰግጂው ልጄ?»

«ለማንም አይደለም አባ። እንድተኛ ነው።»

«ስም ትጠሪያለሽ?»

«አልጠራም። እቆጥራለሁ።»

መምሬ መስቀላቸውን ጉልበታቸው ላይ አኖሩ። ነገሩን አላውቀውም፣ የማላውቀውን አልባርክም አሉ። ሰይጣን ነውም አላሉ። የባዕድ ጸሎት እንዳትጨምሪበት አሏት። ከዚያ ድንገት፦ መድኃኒት ትወስዳለች እንዴ?

ደሳለኝ አትወስድም አለ። ትርንጎ እኔን አየች። ማርያምን ብያለሁ። ዝም አልኩ።

ጉዞው ሐሙስ ነው።

ጥር 21፣ ማክሰኞ። የማርያም ለት

ሌሊቱን አልተኛሁም። ሲነጋ ቤተ ክርስቲያን ሄጄ መምሬን ከቅዳሴ በኋላ ጠበቅኋቸው። የትርንጎን ስም አልጠራሁም፤ ዝም ማለቴ ሰው የሚጎዳ ከሆነ መሐላው ምን ይሆናል አልኩ። በማርያም በዓል፣ በደጇ ቆሜ፣ በስሟ የማልኩትን ጠየቅሁ። የዝንብ ጭራቸውን ትከሻቸው ላይ ጣሉ።

«እመቤታችን ስሟ ነፍስ ማጥፊያ ይሆን ዘንድ አትወድም። ሂጂ ተናገሪ። ቀኖናሽን በኋላ እሰጥሻለሁ።»

ቤት ገብቼ ሳልቀመጥ ተናገርኩ። ክኒኑን፣ መጣሉን፣ ፋርማሲስቱ ያለኝን። ትርንጎ ፊቷ ነጣ። አንቺም? አለች። ሌላ አላለችም። ያቺ «አንቺም» ከስድብ ትብሳለች።

እማማ ክኒኑ ነው እንዴ ያሳበዳት አሉ። አይደለም እማማ፣ መቋረጡ ነው። ዮጋውስ? እሱም አይደለም፤ እሱ ብቻውን ሊሸከም የማይችለውን ጫነችበት። በዚህ አቋሟ በጾም፣ ያለ መድኃኒት፣ ታስራ፣ አትችለውም አልኩ። ደሳለኝ ተቆጣ። ማን ያስራታል፣ ለእሷው ብለን ነው አለ።

ያኔ ትርንጎ ተናገረች። መሬት እያየች፣ ድምጿ ሳይነሳ። አሠሪያቸው ከውጭ ቆልፋባቸው ትሄድ ነበር። ቀናት ያልፋሉ። ስልክ የለ፣ መስኮቱ ፍርግርግ። የስሪላንካዋ ልጅ በዚያች ክፍል ነው ትንፋሹን ያሳየቻት፤ እንዳይጮሁ፣ አእምሯቸውን እንዳይስቱ። «እሱ ነው እናቴ ያቆየኝ። ባዕድ ብትይውም።»

ደሳለኝ ወጥቶ ባሕር ዛፉ ሥር ቆመ። ጀርባውን ነው የማየው። እማማ ነጠላቸውን አጣፍተው ተነሱ። ከዚያ አዘዙ፦ መጀመሪያ ሐኪም። ከዚያ ጠበል። እኔም አብሬ። ገመድ የሚባል ነገር በዚህ ቤት እንዳልሰማ።

ጥር 23፣ ሐሙስ። ደብረ ታቦር

በመጀመሪያው መኪና ወጣን። እማማን ጨምሮ ሦስታችን አንድ ወንበር ላይ፤ ትርንጎ ከእኔ ዞራ መስኮቱን ታያለች።

ሐኪሟ ወጣት ናት። ትርንጎን ብቻዋን አናገረቻት፣ ረጅም። ኋላ እኛን አስገባች። እማማ ጥያቄ አወረዱባት። ይህ ክኒን ምንድን ነው? ሱስ ይሆናል? አንቺን ማን አስተማረሽ? ከእኔ የባሰ ጠርጣሪ መኖሩን ዛሬ አየሁ። ኮራሁባቸው።

እኔ ዮጋውን ጠየቅሁ። እንድትከለክል ነው የፈለግሁት? እንድታመሰግን? እኔንጃ። ሐኪሟ በሁለቱም በኩል አልቆመችም። ቀስ ያለ ትንፋሽና መፍታታት ብዙ ሰው እንቅልፍ ያገኝበታል፣ ጭንቀት ያቀልለታል፣ ሐሳብ ለመሰብሰብም ይረዳል አለች። ለአንጎል ስለሚያደርገው ገና እየተጠና ነው፣ ተአምር የሚል ካለ አትመኑት። መድኃኒቱን ግን አይተካም። መድኃኒቱ በትንሹ ይጀመራል፣ ትንፋሹም ይቀጥላል። ጠበልም ይቻላል፣ ሳይታሰሩና ክኒኑ ሳይቋረጥ።

እማማ ወጥተው ኮሪደሩ ላይ፦ ይህች ሐኪም አትዋሽም አሉ። ለምን እማማ? አላውቅም ማለት ትችላለቻ።

የካቲት 4፣ ሰኞ

ትርንጎ አታናግረኝም። ሰላምታ አለ፣ ከዚያ ያለፈ የለም። እንቅልፍ ግን ጀምራለች። እማማ ስማዳ አልተመለሱም። ክኒኑን በእጃቸው ይሰጧታል፣ አፍሽን ክፈች ይሏታል እንደ ሕፃን። ሲነጋ እሷ ስትተነፍስ እሳቸው በሌላው ጥግ ዳዊታቸውን ይደግማሉ። አንዱ ለአንዱ አይናገርም። ሁለቱም አይረበሹም።

ወ/ሮ የሺ ዛሬ ምን ሆና ነበር ልጅቱ አለችኝ። ታማ ነበር፣ ታክማለች አልኳት። ይሄው ነው። ሌላ የምታገኘው የለም።

የካቲት 7፣ ሐሙስ

ሽንብራ እየለቀምኩ ነበር። መጥታ ሰፌዱን ከፊት ለፊቴ ያዘች፣ አብራኝ ትለቅም ጀመር።

ስትሰልዪኝ አይሽ ነበር አለች። እግርሽ በበሩ ሥር ይታያል። እንዴት እጠላሽ እንደነበር።

አፈርኩ። ሽንብራው ላይ አጎነበስኩ።

«ግን ሌላው ሰው አላየኝም ነበር» አለች። ደግሞ አንዲት ጠጠር አውጥታ ጣለች። «መሐላ ማፍረስሽን ገና አልረሳሁም።»

አትርሺ አልኳት።

የካቲት 16፣ ቅዳሜ

እንዲህ ያለ ነገር ይመጣል ብዬ አልጠረጠርኩም። እኔ!

እዚህ መካነ ኢየሱስ ከተማ እንደ ትርንጎ ከዓረብ አገር የተመለሱ ሴቶች አሉ። አንዷ ገበያ ላይ የሆነውን አይታ ኖሮ ፈልጋ መጣች። እሷም አትተኛም። ትርንጎ ቅዳሜ ቅዳሜ ሰብስባ ትንፋሹን ላሳያቸው አለች፣ እዚህ፣ ሳሎኑ ውስጥ። ደሳለኝ ወደ እኔ ዞረ። እማማም። ለካ እኔ ነኝ የምወስነው።

ብዙ ነገር መጣብኝ። ሰፈሩ ምን ይል? አንዷ ተነስታ ክኒኗን ብትጥልስ? አንዷ ከዚህ የከፋ ሕመም ቢኖርባትና ዮጋ ነው እያልን ብናቆያትስ? ትርንጎ ራሷ ገና በእግሯ አልቆመችም። አሁንም አንጎል ያድሳል የሚለኝን ሰው አላምንም። ገበያ ውስጥ በእጄ ይዤ ያየሁትን ግን ያልሆነ ነው ልል አልችልም።

ይሁን አልኩ። ግን ስልክ ላይ ያለች ሴት እዚህ ቤት አታስተምርም። መድኃኒት ያላት ትወስዳለች፤ የባሰባትን ደ/ታቦር እንወስዳታለን። መምሬም መጥተው ይዩ፣ የማያውቁትን ይወቁ። ትርንጎ ሁሉንም እሺ አለች። የመጨረሻው ሲቀር፤ እኔም በየሳምንቱ መሃላቸው እቀመጣለሁ አልኩ።

ደሳለኝ ሳቀ። አንቺ ደግሞ እዚያ ቁጭ ብለሽ ምን ልትሠሪ?

«ልጠረጥር» አልኩት።