ከተከሳሾቹ ሌላ ያልተከሰሱትንም የቆጠሩት የሙሴ ኢዚዶር ኬኔል የሕይወት ታሪክ

ሙሴ ኢዚዶር ኬኔል ከአባታቸው ከጀልባ ቀዛፊው ከኖርበር ኬኔልና ከእናታቸው ከኦኖሪን ዱቫል ሚያዝያ 4 ቀን 1803 በኖርማንዲ፣ በሴን ወንዝ ዳር በምትገኘው በሞንታርሲ ከተማ ተወለዱ። ከስድስት ልጆች አራተኛው ነበሩ። ፊደል የቆጠሩት ከደብሩ ቄስ ዘንድ ሲሆን፣ ቄሱም የልጁን ፍጥነት አይተው በአሥራ ሦስት ዓመታቸው ሩዋን ከተማ ትምህርት ቤት አስገቧቸው። በ1821 ወደ ሞንታርሲ ተመልሰው በከተማው ፍርድ ቤት በጽሑፍ ገልባጭነት ተቀጠሩ።

በ1826 ከፓሪስ ትልቅ ሠንጠረዥ ያለው ወረቀት መጣ። በዓመቱ ለፍርድ የቀረበው ሰው ሁሉ ዕድሜው፣ ጾታው፣ ሥራውና ማንበብ መቻል አለመቻሉ ተሞልቶ እንዲላክ የሚያዝ ነበር። የመዝገብ ቤቱ አለቃ ወረቀቱን አገላብጠው አዩና፣ «ይሄ ደግሞ ምን የሚሉት ጣጣ ነው? ሌባውን ካሰርነው አይበቃም? ልደቱንም እናክብርለት እንዴ?» አሉ። ሌሎቹ ጸሐፊዎች ሲስቁ ሙሴ ኬኔል ግን፣ «ለእኔ ይስጡኝ» ብለው ተቀበሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ለሠላሳ ሰባት ዓመታት ለማንም አላስነኩትም።

አምስት ዓመት ከሞሉ በኋላ ያስተዋሉት ነገር ዕረፍት ነሣቸው። በሌብነት የሚከሰሰው ሰው በየዓመቱ ልዩ ልዩ ሆኖ ሳለ ቁጥሩ ከስልሳ እምብዛም አይርቅም። ባልደረባቸው፣ «ሌቦቹ ዓመት በዓመት ማኅበር እየተቀመጡ ይስማማሉ በለኛ!» ብሎ ቀለደባቸው። እሳቸውም፣ «አንዱ ሌላውን አያውቀውም። የሚገርመኝም እሱ ነው። የሚያመሳስላቸው ነገር ያለው እኛው መካከል መሆን አለበት» አሉት። ወንጀለኛን ከመርገም በፊት ሰው የሚኖርበትን ኑሮ መመርመር ይገባል የሚለው እምነታቸው የጀመረው ከዚህ ነው።

በ1829 ከሸራ ሰፊው ልጅ ከወይዘሮ ፔላጂ ኦቤር ጋር በጋብቻ ተሳሰሩ። ሦስት ልጆች ወለዱ። የመጨረሻዋን ሕፃን፣ ማርትን፣ በ1832 ኮሌራ ወሰደባቸው። ሙሴ ኬኔል በዚያ ዓመት በወረርሽኙ የሞቱትን በየሠፈሩ ቆጥረው ሲመዘግቡ፣ «ዓመት ያልሞላቸው» በሚለው ረድፍ ላይ የልጃቸውን አንድ ቁጥር በገዛ እጃቸው ጨመሩ። ብዕራቸውን አስቀምጠው ለሦስት ቀን ሳያነሱት እንደቆዩ ባለቤታቸው ይናገራሉ። በአራተኛው ቀን ሠፈሮቹን አነጻጽረው፣ ውኃ ከቆዳ ፋቂዎች ቦይ በታች የሚቀዳው ሕዝብ ይበልጥ እንዳለቀ ለከንቲባው አመለከቱ። በማግሥቱ ዓመት ከላይ አዲስ ምንጭ ተከፈተ።

አሁን የምጽፈውን አጎቴ ራሳቸው ሳይሸሸግ እንዲነገር ይፈልጉ ነበርና እኔ የእህታቸው ልጅ ክሎቲልድ አልደብቀውም። በ1841 አንዲት ትንሽ መጽሐፍ አሳተሙ። በእርሷም ውስጥ፣ በሌብነት ከሚከሰሱት ከየመቶው ሰው መካከል ማንበብ የሚችሉት በአሥራ ሁለት ዓመት ውስጥ ከሃያ ስምንት ወደ አርባ አራት ከፍ ማለታቸውን ጻፉ። የጥጥ ፋብሪካው ባለቤትና የከተማው ምክር ቤት አባል ሙሴ ቶስታን መጽሐፏን ይዘው ምክር ቤቱ ፊት ቆሙ። «ትምህርት ቤት ሌባ እየፈለፈለ ነው። እኔ አላልኩም፤ የፍርድ ቤታችን ጸሐፊ ነው ያለው» አሉ። ወይዘሮ ፔላጂ በአሮጌው የጨው መጋዘን እሑድ ከሰዓት በኋላ የፋብሪካ ሠራተኞችን የሚያስተምሩበት ቤት ከፋሲካ በኋላ እንዲዘጋ ሐሳብ ቀረበ። በዚያን ጊዜ መቶ አሥር ተማሪዎች ነበሩት።

ወይዘሮ ፔላጂ ምሳ አቅርበው ሳይቀመጡ፣ «ስለዚህ እኔ እሑድ እሑድ የማስተምረው ሌብነት ኖሯል?» አሏቸው።

«እኔ እንዲያ አልወጣኝም። ቁጥሩን ብቻ ነው የጻፍኩት።»

«ቁጥሩማ አፍ የለውም። አንተ አፉን ክፍት ትተህለት ቶስታን ምላስ ገጠመለት።» ቀጥለውም፣ «እሺ፣ ከተከሳሾቹ አርባ አራቱ ያነባሉ። ካልተከሰሱትስ? በዚህ ከተማ ከመቶው ሰው ስንቱ ነው የሚያነበው? እሱን ቆጥረሃል?» ብለው ጠየቁ።

ሙሴ ኬኔል ማንኪያቸውን አስቀመጡ። «አልቆጠርኩም» አሉ። ያን ዕለት ምሳ አልበሉም።

ለምክር ቤቱ ስብሰባ የቀረው ዘጠኝ ሳምንት ነበር። ባልና ሚስት በየምሳ ሰዓቱ ወደ ማዘጋጃ ቤት እየሄዱ የአሥራ ሁለት ዓመት የጋብቻ መዝገብ ከፈቱ። መጻፍ የሚችል ሙሽራ ስሙን ይፈርማል፤ የማይችል መስቀል ያሰምራል። ወይዘሮ ፔላጂ ገጹን እየገለጡ፣ «ስም፣ ስም፣ መስቀል፣ ስም» ይላሉ፤ ባለቤታቸው ይመዘግባሉ። ሲጨርሱ በመጀመሪያው ዓመት ከመቶ ሙሽሮች ስማቸውን የፈረሙት ሠላሳ፣ በመጨረሻው ዓመት ግን ስልሳ ሁለት ሆነው ተገኙ። ማንበብ የሚችለው ሰው በከተማው ሁሉ በዝቶ ኖሯል፤ ፍርድ ቤት ውስጥ የበዛው ግን ከዚያ ባነሰ ነበር። እንዲያውም ፊደል ያልቆጠረው ሰው የመከሰስ ዕድሉ ከቆጠረው ሁለት እጥፍ ሆኖ ወጣ።

ሚያዝያ 1842 አዳራሹ በሸማኔና በልብስ አጣቢ ሞልቶ ነበር። ሙሴ ኬኔል ተነሥተው በመጀመሪያ የተናገሩት ቃል «ተሳስቻለሁ» የሚል ነበር።

ሙሴ ቶስታን፣ «አምና የጻፉትን ዘንድሮ ሊውጡት ነው?» ሲሉ አፌዙ።

«አልውጠውም። አምና የጻፍኩት አንድ ዓይና ነበር፤ ሁለተኛውን ዓይን ይዤለት መጥቻለሁ። ሙሴ ቶስታን፣ በፋብሪካዎ ዛሬ አርባ አራት ክር ተበጠሰ ቢባሉ መጀመሪያ ምን ይጠይቃሉ?»

ሙሴ ቶስታን፣ «ከስንት ክር? ብዬ ነዋ» አሉ። ወዲያው የተናገሩት ገባቸውና ፊታቸው ቀላ። ከኋላ አንዲት አጣቢ፣ «እሰይ! በገዛ አፉ!» ብላ ስትጮኽ አዳራሹ በሳቅ ተናጋ።

ሙሴ ኬኔል ግን አልሳቁም። ቁጥሩን አንድ በአንድ ካስረዱ በኋላ፣ «ፊደል ሰውን ጻድቅ ያደርገዋል አላልኩም። ምናልባት ያነበበው የተሻለ ሥራ አግኝቶ ይሆናል። ትምህርት ቤት ሌባ ያፈራል ለሚለው ግን ማስረጃ የለም» ብለው ተቀመጡ። አሥራ አራት ለአምስት በሆነ ድምፅ ትምህርት ቤቱ እንዲቀጥል ተወሰነ። ሙሴ ቶስታን ለየትኛውም ወገን እጃቸውን አላወጡም። በመስከረም ግን ከፋብሪካቸው አሥራ አንድ ልጃገረዶችን ወደ ትምህርት ቤቱ ላኩ፤ ለብርዱ ወራትም ምድጃ አስተከሉለት።

መጽሐፏ ታርማ እንደገና ስትታተም በፊተኛው ገጽ ላይ «የደራሲው ስሕተት የታረመባት» የሚል ተጻፈባት። አሳታሚው ያስነቅፍዎታል ቢላቸው፣ «ያኮራኛል እንጂ» አሉ። በ1844 የሩዋን የሊቃውንት ማኅበር የብር ሜዳልያ ሸለማቸው፤ ከብራስልስና ከቱሪን ሳይቀር መቁጠሪያ ዘዴያቸውን የሚጠይቁ ደብዳቤዎች መጡ። በ1848 የመዝገብ ቤቱ አለቃ ሆኑ፤ በ1863 በክብር ጡረታ ወጡ።

ሙሴ ኬኔል የሰው ስም መያዝ የማይችሉ፣ በዶሚኖ ሲሸነፉ የሚያኮርፉ፣ ከፖም ጠጁ ከሲድርና ከወንዝ አሣ ሌላ ድግስ የማያምራቸው፣ የተናገሩትን ለመመለስ የማያፍሩ ሰው ነበሩ።

ካለፈው መስከረም ጀምሮ ሳንባቸው ታሞ አልጋ ላይ ዋሉ። ትምህርት ቤቱን ዛሬ የምትመራው ልጃቸው ሴሌስቲን የዓመቱን የጋብቻ መዝገብ ቆጥራ ነገረቻቸው። ሰማንያ ስምንት ጋብቻ ተፈጽሞ መስቀል ያሰመሩት ሰባት ሰዎች ብቻ ነበሩ። እንኳን ደስ አለህ ስትላቸው ከትራሳቸው ቀና ብለው፣ «ሰባቱ እነማን ናቸው? ሄደሽ ጥሪያቸው እንጂ! እሑድ ቦታ አለን» አሏት። ሰባቱም መጥተዋል፤ ዛሬም ከመካከላችሁ ቆመዋል።

ሙሴ ኢዚዶር ኬኔል ኅዳር 17 ቀን 1868 ከቀኑ በስምንት ሰዓት፣ በተወለዱ በስልሳ አምስት ዓመታቸው፣ ባለቤታቸው እጃቸውን እንደያዙ ዐረፉ። ከወይዘሮ ፔላጂ ሌላ ሴሌስቲንና መርከብ መሪው ኦክታቭ የሚባሉ ሁለት ልጆችን፣ አምስት የልጅ ልጆችን፣ እንዲሁም ከእሑዱ ትምህርት ቤት የወጡ ከሺህ ሦስት መቶ በላይ ተማሪዎችን ትተው ሄደዋል።

የራስ ጠጉራችንን ሳይቀር ቆጥሮ የሚያውቅ አምላክ ይህን ታማኝ ቆጣሪ ከወዳጆቹ ጋር ይቁጠርልን፤ ለወይዘሮ ፔላጂና ለልጆቻቸውም መጽናናትን ይስጥ። አሜን።