ለቴፑ የነገርሁት ቀን

ባሕር ዳር
ማክሰኞ፣ ጥር 13 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለልጄ ለተስኒም፣

አሰላሙ ዓለይኩም። አንቺ፣ ባለቤትሽ፣ ገና ዓይኗን ያላየሁት የልጅ ልጄ እንዴት ናችሁ? የጅቡቲ ሙቀት እንዴት አደረጋችሁ? እኔ ከጉልበቴ በቀር አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ። ጨርቅ ሱቁም እንዳለ ነው፤ አሁን አሁን ግን ከዐሥር ሶላት በኋላ ዘግቼ ሐይቁ ዳር እቀመጣለሁ።

ባለፈው ወር የላክሽልኝን መልእክት ደጋግሜ አነበብሁት። «አባ፣ በእማዬ ሰደቃ ቀን ሰው ፊት ያሉኝን ቃል ካላነሡልኝ ልጄን አላሳይዎትም» ብለሻል። እውነትሽን ነው። ግን ሁለት ዓመት ዝም ያልሁሽ ልቤ ደንድኖ አይምሰልሽ። ያልሁሽን አላውቀውም። ረሳሁት ማለቴም አይደለም፤ የረሳ ሰው ሲያስታውሱት ትዝ ይለዋል። እኔ ዘንድ ግን ያ ቀን የለም። እንዴት እንደሆነ ልንገርሽ።

አጎትሽ ካሊድ ሬዲዮ ከመጠገን ሌላ ሥራ አያውቅም። እናትሽ፣ እኅቱ፣ ከሞተች በኋላ ግን ጓዳው ገብቶ አንድ ነገር ሲሠራ ከረመ። ሁለት አሮጌ ቴፖች ናቸው፤ በመካከላቸው እኔ የማይገባኝ ሽቦ ሞልቶበታል። ስሙን «መላሽ» ብሎታል። ከዕድሜሽ አንድ ቀን ትመርጪና ለአንደኛው ቴፕ ከጠዋት እስከ ማታ የሆነውን ትነግሪዋለሽ። ነግረሽ ስትጨርሺ ቀኑ ከአንቺ ወጥቶ ካሴቱ ላይ ይቀራል። ከዚያ ሁለተኛው ቴፕ የድሮ ድምፅ ያሰማል፤ አንቺም ድምፁ ወደተቀዳበት ሰዓት ትገቢያለሽ። ማስታወስ አይደለም ልጄ፣ መግባት ነው። ጉልበቴ አያመኝም፤ ጢሜ ጥቁር ነው።

የእናትሽ ድምፅ ያለው አንድ ካሴት ላይ ብቻ ነው። ቁንዝላ ላይ ጀልባ ስንጠብቅ ካሊድ በአዲስ ቴፑ የቀዳው ነው። ሰዓቱን አሁን ልጻፍልሽ፤ ነገ እኔ ዘንድ ላይገኝ ይችላል።

ጀሊላ አንቺን አርግዛ ስምንተኛ ወሯ ነው። ጀልባው ዘግይቷል። እግሯን ውኃው ውስጥ ነክራ ሸንኮራ በጥርሷ ትልጣለች። «ወንድ ከሆነ ስሙን አንተ አውጣ፤ ሴት ከሆነች ግን ተስኒም ናት» አለችኝ።

«ምን ማለት ነው?» አልኋት።

«የጀነት ምንጭ ነው። አንተ ስታንቀላፋ እኔ ቁርኣኑን አዳምጥ ነበር» ብላ ሳቀች። ስትስቅ ሸንኮራው ትን አላት። ጀርባዋን መታ መታ አደረግሁላት፤ ያኔም ሳቋን አላቆመችም።

አሥራ አንድ ጊዜ ገባሁ። መጀመሪያ የማይረቡ ቀኖች ሰጠሁ፤ መንገድ ተዘግቶ ወረታ ላይ የዋልሁበትን፣ ወባ ይዞኝ የተኛሁበትን። በመጨረሻ ስለ ሰደቃው ቀን ልናገር ስቀመጥ ካሊድ እጄን ያዘኝ።

«ይኼን ተው ሙሀመድየሱፍ፣ ሌላ ሰው አለበት» አለኝ።

«መስጠት የምፈልገው ይኼን ነው» አልሁት። ይህን መናገሬን አስታውሳለሁ፤ ለምን እንደፈለግሁ ግን አላስታውስም። ስለዚህ ቀኑን መሣሪያው ነጠቀኝ አልልሽም። እኔ ነኝ መርጬ የሰጠሁት።

ትላንት ካሊድ ዘንድ ሄድሁ። «ምን ብያት ነው?» አልሁት።

«እኔ አፌን አላቆሽሽም። ካሴቱ አለ፤ ከሰማኸው ቀኑ ይመለስልሃል። በምትኩ ግን ቁንዝላ ይሄዳል፣ ከካሴቱም ከአንተም።»

«ሌላ ድምፅ የላትም እኮ።»

«የላትም» አለኝ።

በደፈናው ይቅር በይኝ ብዬ ልጽፍልሽ አስቤ ነበር። ያላወቁትን በደል ይቅርታ መጠየቅ ግን ማታለል ሆነብኝ። ነገ ከዙህር ሶላት በኋላ ካሴቱን ልሰማ እሄዳለሁ። ደብዳቤውን ሳላሽገው ይቆይ።

ሐሙስ፣ ጥር 15

ከላይ የጻፍሁትን አነበብሁት። ጽሕፈቱ የእጄ ነው። ያቺ ሸንኮራ የምትልጥ ሴት ግን የሌላ ሰው ሚስት መሰለችኝ። ደስ የምትል ሴት ናት። ስምሽን እሷ እንዳወጣችልሽ ያወቅሁት ከዚህ ወረቀት ነው። ካሊድ የቁንዝላውን ካሴት ሲሞክረው ትንሽ የውኃ ድምፅ ተሰማ፣ ከዚያ እሱም ጠፋ። ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ቀኑ ግን ተመልሷል። ከጅቡቲ የደረስሽው ከቀብሯ በኋላ ነበር። ዱዓው እንዳበቃ፣ ሰው ሁሉ ተቀምጦ ሳለ፣ «እናትሽን የገደልሻት አንቺ ነሽ፤ የጋብቻሽ ወሬ ነው የገደላት» አልሁሽ። ጎረቤታችን እትዬ የብርጓል «ኧረ በፈጠረህ!» ብላ ተነሣች። አንቺ አላለቀስሽም። ጫማሽን አድርገሽ ወጣሽ። አልተከተልሁሽም።

ከዚያ ቃል በፊት አጠገቤ ቁጭ ብለሽ፣ እጄን ይዘሽ፣ በቀስታ አንድ ነገር ጠይቀሽኝ ነበር። «አባ፣ እማዬን ሕመሙ መቼ ነው የጀመራት?» ነበር ያልሽኝ። እሱን ላለመመለስ ነው ያን ቃል የተናገርሁሽ።

ከጠዋቱ በሦስት ሰዓት ነው የጀመራት። «ራሴን ፈለጠኝ፣ እጄም ደነዘዘ» አለችኝ። እኔ ጨርቅ ከመኪና አራግፍ ነበር። «ጋደም በይ፣ እጨርስና እመጣለሁ» አልኋት። ሆስፒታል ያደረስኋት በዘጠኝ ሰዓት ነው። የጋብቻሽን ወሬ የሰማችው ከዚያ በፊት በነበረው ሳምንት ነው፤ ደስ ብሏት ከሱቅ ሐር መርጣልሽ ነበር። ሐሩ አሁንም አለ።

ያን ጠዋት ለቴፑ ልሰጠው ስንት ጊዜ ሞከርሁ። ለመስጠት ግን ጮክ ብሎ መናገር ያስፈልጋል፤ ካሊድ ደግሞ አጠገቤ ተቀምጦ ይሰማል። እኅቱ ናት። አልቻልሁም። ዛሬ ግን ይህን ደብዳቤ ከማሸጌ በፊት አነብለታለሁ።

ያልሁሽን ቃል አንሥቻለሁ። ቃሉ የእኔ ነው፣ በእኔ ላይ ይሁን። ልጅሽን አሳዪኝ ብዬ አልለምንሽም፤ አላህ እሷን ለአንቺ፣ አንቺንም ለእሷ ያቆይ። ደብዳቤውን ጅቡቲ የሚመላለሰው ሾፌር አምሐ ያደርስልሻል፤ ሐሩንም ልኬልሻለሁ።

ራስሽን ካመመሽ ደግሞ፣ ባልሽ ሥራ ላይ ነው ብለሽ አትጠብቂው። ብቻሽንም ቢሆን ተነሥተሽ ሂጂ።

አባትሽ
ሙሀመድየሱፍ